ካርማ «ዕድል» አይደለም፤ ስለ ሂንዱ ጥንታዊ መጻሕፍት የወጣው ጽሑፍ ይታረም

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ባለፈው ቅዳሜ በባህል ዓምዳችሁ ስለ ሂንዱ ጥንታዊ መጻሕፍት ያወጣችሁትን የሙሉ ገጽ ጽሑፍ ቱሉ ዲምቱ በሚገኘው ቤቴ ደጃፍ ተቀምጬ፣ ውሃ ይመጣል በተባለበት ሰዓት ጀሪካን ደርድሬ ስጠብቅ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንብቤዋለሁ። ውሃው አልመጣም፤ ጽሑፉን ግን ሁለተኛ ጊዜ ለማንበብ ፋታ አገኘሁ። ርእሰ ጉዳዩ በአገራችን ጋዜጦች እምብዛም የማይነሣ በመሆኑ ጸሐፊውን ስለ ድፍረታቸው አመሰግናቸዋለሁ። ይህን ደብዳቤ የምጽፈውም ድካማቸውን ለማሳነስ አይደለም። በጽሑፉ ውስጥ ያየኋቸው ስሕተቶች ሁሉ ከአንድ ምንጭ የፈለቁ ሆነው ስላገኘኋቸው ነው፤ ያም ምንጭ የአንድን ሕዝብ ጥንታዊ መጽሐፍ በራሱ ቋንቋና በራሱ መምህራን ወግ ሳያዩ ከሦስተኛ እጅ በተገኘ ትርጉም መበየን ነው። እንዲህ ያለው ነገር በግዕዝ መጻሕፍታችን ላይ ሲደርስ ምን ያህል እንደምንቆጣ የማያውቅ አንባቢ የለም።

ስለ ራሴ ጥቂት ልበል። በልጅነቴ ጎጃም ውስጥ ዳዊት ደግሜ፣ ቅኔ ቤትም ሁለት ዓመት ያህል ቆይቼ ወደ ዘመናዊ ትምህርት የተሻገርሁ፣ ከዚያም ጡረታ እስክወጣ ድረስ አማርኛ ያስተማርሁ ሰው ነኝ። የዘጠነኛ ክፍል የሒሳብ መምህራችን ከደቡብ ህንድ፣ ከኬራላ የመጡ ሰው ነበሩ፤ በዚያ ዘመን በክፍለ ሀገር ትምህርት ቤቶች ህንዳዊ መምህር ብርቅ አልነበረም። ክፍለ ጊዜው ሊያልቅ ጥቂት ደቂቃ ሲተርፋቸው በሰሌዳው ጥግ የህንድ ጥንታዊ ቋንቋ ሳንስክሪት የሚጻፍበትን የዴቫናጋሪን ፊደላት ይጽፉልን ነበር። አንዱን ፊደል ጽፈው «ከ» ይሉናል፤ ትንሽ ምልክት ቀጥለውበት «ኪ» ይሉናል፤ ምልክቱን አንሥተው ሌላ ከግርጌው ሲያደርጉበት «ኩ» ይሆናል። እኛ ከንባብ ቤት የመጣነው ልጆች «ይህማ የኛው ነው!» ብለን እንስቅ ነበር። ሳንስክሪት ማንበብን በእርሳቸው ጀመርሁ፤ ከዚያ በኋላ በየአጋጣሚው ካገኘኋቸው የሰዋስው መጻሕፍት ጋር ስታገል ኖሬ ዛሬ የደረስሁበት ደረጃ አንድ የንባብ ቤት ተማሪ መልእክተ ዮሐንስ ላይ ሲደርስ ግዕዝን የሚያውቀውን ያህል ነው። ስሕተቶቹን ለማየት ግን ይህም በቅቷል።

በቅድሚያ የሚታረመው «ካርማ» ነው። ጽሑፉ ቃሉን ባነሣበት ቦታ ሁሉ «ዕድል»፣ አንድ ቦታ ላይም «የግንባር ጽሕፈት» ሲል ተርጉሞታል። ካርማ ግን «አደረገ፣ ሠራ» የሚል ፍቺ ካለው «ክሪ» ከሚባል ግስ የወጣ ስም ሲሆን ቀጥተኛ ፍቺው «ሥራ» ነው። ግዕዝ የቀመሰ ሰው ይህን ለመረዳት አይቸገርም፤ ከ«ገብረ» «ግብር» እንደሚወጣው ያለ ነው። «ሳንስክሪት» የሚለው የቋንቋው ስም ራሱ ከዚሁ ግስ የተገኘና «በአግባቡ የተሠራ፣ የተስተካከለ» ማለት መሆኑን ጸሐፊው ቢያውቁ ኖሮ፣ የቋንቋውን ስም በትክክል ተርጉመው ሲያበቁ ወንድሙን ቃል ዕድል ባላሉት ነበር።

የቃሉ ጉዳይ ቀላል እንዳይመስል በዚያው ጽሑፍ ከተጠቀሰው ከባጋቫድ ጊታ ላሳይ። ጊታ በትልቁ የጦርነት ታሪክ በማሃባራታ ውስጥ የሚገኝ፣ 18 ምዕራፍና 700 ያህል ስንኝ ያለው ክፍል ነው። አርጁና የተባለው ጦረኛ ሁለቱ ሠራዊት ሊገጥሙ በተፋጠጡበት ሰዓት ከወዲያኛው ወገን አጎቶቹን፣ መምህራኑንና የሥጋ ዘመዶቹን አይቶ ጉልበቱ ይከዳዋል፤ ቀስቱን ጥሎ ሠረገላው ላይ ይቀመጣል። ሠረገላውን የሚነዳለት ክሪሽና ከሚሰጠው ትምህርት ዋነኛው፣ የአንተ ድርሻ ሥራው ነው፤ የሥራው ፍሬ ግን የአንተ አይደለም፤ ስለዚህ ፍሬውን ዐይተህ አትሥራ፣ ሥራ መተውንም አትውደድ የሚል ነው። በዚህ ቦታ የቆመው ቃል ካርማ ነው። በጽሑፉ ፍቺ ብናነበው ክሪሽና አርጁናን «ዕድልህን ጠብቅ» ሊለው ነው፤ ያ ደግሞ ቀስቱን ጥሎ ለተቀመጠ ሰው ከተሰጠው ምክር ጋር ፊትና ጀርባ ነው። እርግጥ ነው፣ ቃሉ እየሰፋ ሄዶ ሥራው ባለቤቱን እስከሚቀጥለው ልደት ድረስ የሚከተለው መሆኑንም ያመለክታል። ያም ቢሆን ሰው የዘራውን ማጨዱን እንጂ ሳይዘራ የተጣለበትን ዕጣ አይደለም።

ሁለተኛው የ«ብራህማ» ነገር ነው። በሳንስክሪት ተቀራራቢ ድምፅ ያላቸው፣ ፍቺያቸው ግን የተለያየ አራት ቃላት አሉ። «ብራህማን» ኡፓኒሻዶች የተባሉት የጥበብ መጻሕፍት የሁሉ መሠረት፣ ዘላለማዊ ህላዌ የሚሉት ነው፤ «ብራህማ» ፈጣሪ የሚባለው አምላክ ነው፤ «ብራህሚን» በልደት የሚወረስ የካህናት ወገን ነው፤ «ብራህማና» ደግሞ የመሥዋዕቱን ሥርዓት የሚተነትኑ በስድ ንባብ የተደረሱ መጻሕፍት መጠሪያ ነው። በታተመው ጽሑፍ አራቱም «ብራህማ» ተብለዋል። ስለዚህ በአንዱ አንቀጽ ብራህማ ዓለምን ይፈጥራል፣ በቀጣዩ አንቀጽ ብራህማ ለንጉሥ መሥዋዕት አቅርቦ ላም ይቀበላል፣ ዝቅ ብሎ ደግሞ ብራህማ መጽሐፍ ሆኖ ይነበባል። «ዳርማ»ን በጅምላ «ሃይማኖት» ማለትም የዚሁ ዓይነት ነው፤ «ያዘ፣ ደገፈ» ከሚል ግስ የወጣ በመሆኑ «ሥርዓት» ወይም «ሕግ» ይበልጥ ይቀርበዋል። «ህንዱ» የሚለውም ቢሆን በአማርኛችን አንዳንዴ ዜጋውን አንዳንዴ አማኙን ስለሚያመለክት ጥንቃቄ ይፈልጋል። የሒሳብ መምህሬ ለእኛ «ህንዱ» ነበሩ፤ አንገታቸው ላይ ግን መስቀል ነበረ፤ የኬራላ ክርስቲያን ሆነው ሳንስክሪትን በትምህርት ቤት የተማሩ ሰው ናቸው።

ከዚህ ሁሉ የበለጠ የቆረቆረኝ ግን የሂንዱ ቀዳሚ ቅዱሳት መጻሕፍት የሆኑት ቬዳዎቹ «ከ3000 ዓመት በፊት በሳንስክሪት ተጻፉ» የሚለው አንድ መስመር ነው። አራቱ ቬዳዎች ሪግ፣ ሳማ፣ ያጁርና አታርቫ ይባላሉ። ቀዳሚው ሪግ ቬዳ በ10 ክፍል የተደለደሉ 1028 የምስጋና መዝሙሮች የያዘ ሲሆን፣ ምሁራን የተደረሰበትን ዘመን በአብዛኛው ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ1500 እስከ 1000 ዓመት ባለው ጊዜ ውስጥ ያደርጉታል። ተደረሰ እንጂ አልተጻፈም። ከመምህር ቃል ወደ ደቀ መዝሙር ቃል፣ በጆሮና በአፍ ብቻ ለብዙ መቶ ዓመታት ተላልፏል፤ የቬዳዎቹ የክብር ስም «ሽሩቲ» ማለትም «የተሰማው» የሆነውም ለዚህ ነው። በህንድ ፑኔ ከተማ የሚገኘው ባንዳርካር የምሥራቅ ጥናት ተቋም ካሉት የሪግ ቬዳ የእጅ ጽሑፎች 30ዎቹ እ.ኤ.አ. በ2007 በዩኔስኮ የዓለም መዝገብ ሲሰፍሩ፣ ከመካከላቸው ጥንታዊው እ.ኤ.አ. በ1464 የተጻፈው ነበር። ያ ዘመን በእኛ ታሪክ የአፄ ዘርዓ ያዕቆብ የመጨረሻ ዓመታት ነው። ከዓድዋ አቅራቢያ ያለው የአባ ገሪማ ወንጌል ብራና በካርቦን ምርመራ ከ4ኛው እስከ 7ኛው ክፍለ ዘመን ባለው ጊዜ የተዘጋጀ ሆኖ መገኘቱን ለሚያውቅ የአገራችን አንባቢ ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ እኛ ከእነዚያ የሪግ ቬዳ ጽሑፎች የሚበልጥ ዕድሜ ያለው ብራና አለን፣ እነርሱ ደግሞ ከብራናችን በእጅጉ የሚቀድም ቃል አላቸው።

ያለ ጽሕፈት ይህ ሁሉ እንዴት ሳይዛነፍ ቆየ? ጽሑፉ ይህን ጥያቄ አላነሣውም፤ በእኔ ግምት የጉዳዩ ጣዕም ያለው ግን እዚሁ ላይ ነው። ባለፈው እሑድ የጎረቤቴ ልጅ፣ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ናት፣ የኬራላ ናምቡዲሪ ብራህሚኖች ሪግ ቬዳን ሲያዜሙ የተቀዳ ድምፅ በስልኳ ይዛ መጣች። ከቅዳሴ በኋላ ወደ አጥቢያችን ሄደን፣ በግቢው ጽድ ሥር ሕፃናት የሚያስተምሩት መሪጌታ ዘንድ ተቀመጥንና አሰማናቸው። መሪጌታ መቋሚያቸውን አገጫቸው ሥር አድርገው፣ ዐይናቸውን ጨፍነው አንድ ጊዜ ዝም ብለው ሰሙ። «ድገሚልኝ» አሉ። ሁለተኛው ላይ ቀኝ እጃቸው ከጉልበታቸው ተነሥቶ ከድምፁ ጋር ከፍ ዝቅ ማለት ጀመረ። «እነዚህ ሰዎች ተነሽና ወዳቂ እየለዩ ነው» አሉን። ልጅቷ ገርሟት «የኔታ፣ የሚሉት ገባዎት እንዴ?» ብትላቸው፣ «የሚሉት አልገባኝም፣ ልጄ፤ እንዴት እንደተማሩት ግን ገብቶኛል» አሏት።

መሪጌታ ልክ ነበሩ። የቬዳ ንባብ ሦስት የድምፅ ደረጃ አለው፤ አንደኛው «ኡዳታ» ይባላል፣ ፍቺውም «የተነሣ» ማለት ነው፤ ሁለተኛው «አኑዳታ»፣ «ያልተነሣ» ነው፤ ሦስተኛው «ስቫሪታ» ከከፍታ ወደ ዝቅታ የሚወርደው ነው። ንባብ ቤት የዋለ ሰው ተነሽ፣ ወዳቂ፣ ተጣይና ሰያፍ እያለ እንደሚለየው ያለ ነው፤ የእኛው እንዲያውም በቊጥር ይበልጣል። በናምቡዲሪዎቹ ዘንድ መምህሩ የሕፃኑን ራስ በእጁ ይዞ ድምፁ ሲነሣ ወደ ላይ፣ ሲወድቅ ወደ ታች ያደርገዋል። ልጁ ፍቺውን ሳያውቅ ቃሉ ከነዜማው በአንገቱ ይገባል ማለት ነው።

ከዚህም ሌላ አንዱን ስንኝ በልዩ ልዩ ሥልት የመድገም ትምህርት አለ፤ እኛ ዘንድ ሕፃኑ ያንኑ ገጽ በቁጥር፣ በግዕዝ፣ በውርድና በቁም ንባብ እንደሚወጣው ያለ ነው፣ ምንም እንኳን ዓላማው ፈጽሞ አንድ ባይሆን። በሁላችን ጆሮ ባለው በመዝሙረ ዳዊት መጀመሪያ ላስረዳ። «ብፁዕ ብእሲ ዘኢሖረ» የሚለውን በመጀመሪያ ቃል በቃል ነጣጥለው ያጠኑታል። ቀጥሎ «ክራማ» በሚባለው ሥልት «ብፁዕ ብእሲ፣ ብእሲ ዘኢሖረ» እያሉ ሁለት ሁለቱን ያያይዙታል። ከዚያ «ጃታ» በሚባለው «ብፁዕ ብእሲ፣ ብእሲ ብፁዕ፣ ብፁዕ ብእሲ» እያሉ ሄደው ተመልሰው ይሸምኑታል። «ጋና» የሚባለው ከባዱ ሥልት ሦስቱን ቃላት ወደ ፊትና ወደ ኋላ ያመላልሳል፤ ስንኙ ሲያልቅ አንዱ ቃል ከዐሥር ጊዜ በላይ ተነሥቷል። በዚህ ሁኔታ ከተያዘ ጽሑፍ አንድ ቃል ቢወድቅ ወይም ሁለት ቃላት ቦታ ቢለዋወጡ ወዲያው ይታወቃል። ነጣጥሎ ማጥናቱም ያለ ምክንያት አይደለም፤ እኛ «የእኔ» የሚለውን «የኔ»፣ «ለአንተ»ን «ላንተ» እንደምንለው በሳንስክሪትም ቃላት ሲገናኙ ድምፃቸው ይዋዋጣል፤ ስለዚህ የተዋዋጠውን መልሶ መፍታት የጥንቶቹ መምህራን የመጀመሪያ የሰዋስው ሥራ ነበር። ዩኔስኮ ይህን የቃል ንባብ ወግ እ.ኤ.አ. በ2003 ከሰው ልጅ ድንቅ ቅርሶች አንዱ ብሎ ያወጀው በከንቱ አይደለም።

ስለ አንድ ድምፅ ይህን ያህል መጨነቅ ለምን አስፈለገ ለሚል፣ እነርሱ ራሳቸው ለተማሪ የሚነግሩት ታሪክ አለ። ትቫሽታር የተባለው አምላክ፣ የአማልክት ንጉሥ ኢንድራ ልጁን ስለ ገደለበት፣ «የኢንድራ ገዳይ» የሚሆን ፍጡር እንዲወለድለት መሥዋዕት ያቀርባል። ነገር ግን «ኢንድራሻትሩ» የሚለውን ቃል ሲጠራ ድምፁን የሚያነሣበትን ቦታ ሳተ፤ በዚህም «የኢንድራ ገዳይ» የነበረው «ኢንድራ የሚገድለው» ሆነ። የተወለደው ቭሪትራ በኢንድራ እጅ ሞተ። ለአማርኛ ተናጋሪ ይህ ተረት ብቻ ሆኖ አይታየውም። «ሰውየው ይበላል» ብለን «በ»ን ስናላላው ሰውየው ገበታ ላይ ነው፤ ስናጠብቀው ራሱ ገበታው ነው።

የደቀ መዝሙሩም ኑሮ ሩቅ አይደለም። በጥንቱ ሥርዓት ተማሪው ከመምህሩ ቤት እየኖረ፣ እንጨት እየለቀመ፣ እሳት እየጠበቀ፣ ምግቡን ከየደጃፉ ለምኖ እያመጣ ይማር ነበር። «ኡፓኒሻድ» የሚለውን ስም ብዙዎች ከመምህር አጠገብ ዝቅ ብሎ መቀመጥ ከሚል ያወጡታል። «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ አኩፋዳውን ይዞ በየበሩ የቆመ የቆሎ ተማሪ ያየ ሰው ለዚህ ማብራሪያ አያስፈልገውም።

የቬዳው ቋንቋና በኋላ ሳንስክሪት የተባለው ቋንቋም አንድ አይደሉም። የድምፁ መነሣትና መውደቅ፣ እንዲሁም አንዳንድ የግስ ዓይነቶች በኋለኛው ውስጥ ጠፍተዋል። ኋለኛውን ደንብ የሰጠው ፓኒኒ ሲሆን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው ወይም በ4ኛው ክፍለ ዘመን፣ ዛሬ ፓኪስታን ውስጥ በሚገኘው በጋንዳራ አካባቢ የኖረ ሊቅ ነው። ወደ 4000 የሚጠጉ አጫጭር ደንቦቹ እጅግ የታመቁ ናቸው፤ ሰዋስወኛ ከአንድ ደንብ ግማሽ አጭር አናባቢ ቢቀንስ ልጅ እንደተወለደለት ደስ ይለዋል የሚል አባባል በመምህራኑ ዘንድ አለ። የእርባ ቅምርን፣ ማለትም የግዕዝ ግስ እርባታን ፈተና ያሳለፈ ሁሉ ይስቃል። ሳንስክሪት «የሞተ» ነው መባሉም ቸኩሎ መቅበር ነው፤ በህንድ ሕገ መንግሥት ከተዘረዘሩት 22 ቋንቋዎች አንዱ ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ2011 በተደረገው ቈጠራ 24,821 ሰዎች አፍ መፍቻ ቋንቋችን ነው ብለዋል።

«የቋንቋዎች ሁሉ እናት» የሚለው ሳጥን ውስጥ የገባው ማስታወሻ ደግሞ ቢወጣ ይሻላል። የቋንቋ ሊቁ ዊልያም ጆንስ እ.ኤ.አ. በ1786 ካልካታ ላይ የተናገረው ሳንስክሪት፣ ግሪክና ላቲን ምናልባት አሁን ከሌለ ከአንድ የጋራ ምንጭ የወጡ ናቸው የሚል ነው፤ እኅትማማች አላቸው እንጂ አንዷን እናት አላደረገም። የሪግ ቬዳ የመጀመሪያ ቃል «አግኒም»፣ «እሳትን» ማለት ነው፤ ላቲኑ እሳትን «ኢግኒስ» ይለዋል። ግዕዝ ከዚያ ቤተሰብ አይደለም፤ ሴማዊ ነው። የፊደሉ መመሳሰል ሌላ ጉዳይ ነው። በዒዛና ዘመን ፊደላችን አናባቢ ሲቀጠልለት የህንድ ፊደል አርአያ ሆኖት ይሆን የሚለው ክርክር በምሁራን ዘንድ አልተዘጋም። ግንኙነት ግን ነበረ፤ በደብረ ዳሞ እ.ኤ.አ. በ1940 ከ100 በላይ፣ ሰሜን ህንድን ይገዙ የነበሩ የኩሻን ነገሥታት የወርቅ ሳንቲሞች ተገኝተዋል፤ በሶቆጥራ ደሴት ሆቅ በተባለው ዋሻም ጥንታዊ የህንድ መንገደኞች በብራህሚ ፊደል (አምስተኛ «ብራህ» መጣ!) የጻፉት ስማቸው በእኛ ፊደል ከተጻፈ ጽሑፍ ጋር በአንድ ጨለማ ውስጥ ኖሯል።

አሁን የስሕተቶቹ ሁሉ ምንጭ ወዳልሁት ልመለስ። በእጅ አዙር የሚደረግ ትርጉም ምን እንደሚያደርግ የሚያሳይ ምስክር በራሳችን ዕቃ ቤት አለ። የደብረ ሊባኖሱ እጨጌ ዕንባቆም እ.ኤ.አ. በ1553፣ በአፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ ከዓረብኛ ወደ ግዕዝ የመለሱት በርለዓም ወይዋሴፍ የተባለው መጽሐፍ የአንድ የህንድ ንጉሥ ልጅ ቤተ መንግሥቱን ትቶ መመነኑን ይተርካል። ታሪኩ መነሻው የቡድሃ ሕይወት ነው። «ቦዲሳትቫ» የሚለው የቡድሃ ማዕርግ በፋርስና በዓረብ በኩል ሲያልፍ «ቡዳሳፍ» ሆነ፤ በዓረብኛ አጻጻፍ «በ» እና «የ» የሚለያዩት በነጥብ ብቻ በመሆኑ አንድ ነጥብ ተጨምሮ «ዩዳሳፍ» ተባለ፤ እኛ ጋ ሲደርስ ይዋሴፍ ሆኖ ክርስቲያን መናኝ ሆኗል። መጽሐፉ በራሱ ያማረ ነው፤ አባቶች አንብበው ተጽናንተውበታል፤ እኔም እወደዋለሁ። ነገር ግን ቡድሃ ምን አስተማረ ብሎ ከይዋሴፍ የሚጠይቅ ሰው የሚያገኘውን መልስ አስቡት። ጽሑፋችሁ ቬዳን የጠየቀው እንዲሁ ነው።

አውሮፓውያኑም በእጅ አዙር ነበር የጀመሩት። ህንድን ይገዛ የነበረው የሙጋል ሥርወ መንግሥት ልዑል ዳራ ሺኮህ እ.ኤ.አ. በ1657 ኡፓኒሻዶችን ወደ ፋርስኛ አስተረጐመ፤ ፋርስኛውን ፈረንሳዊው አንኬቲል ዱፔሮን ወደ ላቲን መልሶ በ1801 እና በ1802 አሳተመው፤ የአውሮፓ ፈላስፎች በዚያ ተደነቁ። ግን በዚያ አልቀሩም። ቋንቋውን ተማሩ፤ ጀርመናዊው ሊቅ ማክስ ሙለር ሪግ ቬዳን ከ14ኛው ክፍለ ዘመን መምህር ከሳያና ትርጓሜ ጋር ከ1849 እስከ 1874 ድረስ ለማሳተም 25 ዓመት ፈጀ። አንድምታ ሳይዙ መጽሐፍ መፍታት እንደማይቻል ለእኛ ማን ይነግረናል?

የሌላ እምነት መጽሐፍ መማር ምን ይረባናል የሚል ሰው እንደሚኖር አውቃለሁ፤ አንድ ወዳጄ ይህንኑ ብሎኛል። አል ቢሩኒ ሙስሊም ሊቅ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1030 አካባቢ ስለ ህንድ ሰፊ መጽሐፉን ሲጽፍ አስቀድሞ ሳንስክሪት ተማረ፤ ከእርሱ በፊት የጻፉትን ከሰው ሰው የሰሙትን ያግበሰብሳሉ ብሎ ወቀሳቸው፤ ሂንዱዎቹ ያሉትን ራሳቸው እንዳሉት አስፍሮ ሲያበቃ እምነቱን አልለወጠም። የሒሳብ መምህሬም መስቀላቸውን አላወለቁም።

ስለዚህ የምጠይቀው፣ ከሁሉ አስቀድሞ የካርማና የአራቱ «ብራህማ» ማረሚያ በዚያው ዓምድ እንዲወጣ ነው። ከዚያ ቀጥሎ የሳንስክሪት ቃላትን በፊደላችን ስትጽፉ አንድ ወጥ አጻጻፍ ብትይዙ መልካም ነው፤ በዚሁ ጽሑፍ ውስጥ ክሪሽና፣ ክርሽና እና ክሪሺና በሦስት ቦታ ሦስት ሰው መስለዋል። ፊደላችን ለዚህ አያንስም፤ አንዳንዱን የሳንስክሪት ድምፅ ባይችልም አራቱን ቃላት ለመለየት ግን ይተርፋል።

ሌላው ከጋዜጣ አቅም በላይ ነው፤ ቢሆንም ልበለው። በእኛ ኮንዶሚኒየም ብቻ ህንድ ተምረው የመጡ ሦስት ሰዎች አሉ፤ ሁለቱ በማኔጅመንት፣ አንዱ በኢኮኖሚክስ። ከእነርሱ አንዱ ፑኔ ሁለት ዓመት ሲኖር በየቀኑ በሎ ኮሌጅ መንገድ፣ በባንዳርካር ተቋም በር ላይ ያልፍ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1917 የተቋቋመው ይህ ተቋም ከ1000 በላይ የእጅ ጽሑፎችን እያስተያየ የማሃባራታን ንጹሕ እትም ከ1919 እስከ 1966 ድረስ ያዘጋጀ ነው። ጎረቤቴ አንድ ቀን ስንኳ አልገባበትም፤ ማንም አልነገረውማ! የእኛ ዩኒቨርሲቲዎች የግዕዝ የእጅ ጽሑፍ ለማስተያየት የሚያሠለጥኗቸው ወጣቶች ሥራው አንድ ዓይነት ነው፤ እ.ኤ.አ. ከ1973 ጀምሮ በማይክሮፊልም ከተነሡት 9000 ያህል የብራና መጻሕፍታችን ጋር የሚታገል ተማሪ ፑኔ ቢሄድ ባዕድ አይሆንም። በየዓመቱ ህንድ ከሚሄዱት መካከል አንድ የግዕዝ ተማሪ ሳንስክሪት እንዲያጠና ቢላክ፣ ከእንግሊዝኛ ሳይሆን ከራሱ ከቋንቋው ወደ አማርኛ የሚመልስልን ሰው በጥቂት ዓመታት ውስጥ እናገኛለን። ያን ጊዜ እንዲህ ያለ ደብዳቤ የሚጽፍላችሁ እንደ እኔ ያለ ጀማሪ አይሆንም።

ማረሚያው የሚወጣበትን ቀን ብታሳውቁኝ ደስ ይለኛል። ጋዜጣችሁ ቱሉ ዲምቱ የሚደርሰው ከቀትር በኋላ ነው፤ አዟሪውም ከአምስት ቅጂ በላይ አያመጣም። ሁለት ማስቀረት አለብኝ፤ አንደኛው የመሪጌታ ነው።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር፣

ጡረተኛ የአማርኛ መምህር
ከቱሉ ዲምቱ፣ አዲስ አበባ